ዘገያይት የሚባል ድንጋይ

ዘገያይት የሚባል ማዕድን በዓለም ላይ የለም። ይህን አስቀድሜ የምናገረው፣ አዳማ ውስጥ እስከ ዛሬ “አለ እንጂ!” ብለው የሚከራከሩኝ ሰዎች ስላሉ ነው። የፈጠርኩት እኔ ነኝ። የፈጠርኩትም አንድ ሰኞ ጠዋት ሰርቪስ መኪና ውስጥ ነው፣ ጓደኛዬ እንዳታለቅስ ብዬ።

ያኔ ሃያ አራት ዓመቴ ነበር። አዳማ ኢንዱስትሪ ፓርክ ውስጥ ካሉት የልብስ ፋብሪካዎች በአንዱ የሸሚዝ ኮሌታ እሰፋለሁ። ኮሌታ ብቻ። እጅጌው የሌላ ሰው ሥራ ነው፣ ኪሱም እንደዚያው፣ ቁልፉን ደግሞ ጓደኛዬ ትተክላለች። እኔ የሞጆ ልጅ ነኝ፣ እሷ የአቦምሳ። አንዲት ክፍል ተከራይተን፣ አንድ ፍራሽ ለሁለት ተካፍለን እንኖር ነበር። ድምፅዋ ከመርፌ የቀጠነ፣ ስትስቅ ግን አከራያችንን ከእንቅልፍ የምትቀሰቅስ ልጅ ናት።

በዚያ ሰኞ፣ ከፊታችን ቲማቲም የጫነ መኪና ጎማው ፈንድቶ ቆመና ሳጥኖቹ መንገዱ ላይ ተዘረገፉ። ሰው አልተጎዳም፤ አስፋልቱ ግን ቀይ ሆነ። ግማሹ ይለቅማል፣ ግማሹ ይረግጣል፣ ባጃጆቹ ክላክስ ያስጮኻሉ። እኛ አርባ ሴቶች ሰርቪሱ ውስጥ ተቀምጠን ሰዓታችንን እናያለን። ፋብሪካው በር ላይ ያረፈደ ሰው ስሙ ይጻፋል። የጓደኛዬ ስም ደግሞ በዚያ ወር ሁለት ጊዜ ተጽፏል፤ ሦስተኛው ማስጠንቀቂያ ደብዳቤ ነው። ከንፈሯ መንቀጥቀጥ ጀመረ።

“አታልቅሺ” አልኳት። “ጊዜው እኮ ሊዘገይ ይችላል።”

“የቱ ጊዜ?”

በመስኮት ስመለከት ከከተማው ጀርባ ኮረብታው ላይ የተተከሉት የንፋስ ተርባይኖች ቀስ እያሉ ይዞራሉ። “እነዚያን ታያለሽ?” አልኳት። “ለመብራት ብቻ የሚዞሩ ይመስልሻል?”

“ታዲያ ለምንድን ነው?”

“ከሥራቸው ማዕድን አለ። ዘገያይት ይባላል።” ስሙ ከየት እንደመጣ እንጃ። “መዘግየት” የሚለው ቃል አፌ ውስጥ ነበር፣ የተማርኩት ግራናይትና ዶሎማይት ደግሞ ከአሥረኛ ክፍል ጀምሮ አእምሮዬ ጥግ ተቀምጦ ነበር፤ ሁለቱ ተጋጭተው ወጡ። “ጊዜ አጠገቡ ሲደርስ እግሩ ይያዛል። ዓለም ሁሉ ቀድሞ ሄዶ እኛ ሰባት ስምንት ዓመት ወደኋላ የቀረነው በምን ሆነና? ስምጥ ሸለቆው ከላይ እስከ ታች ዘገያይት ነው።”

ከኋላችን የተቀመጠች አንዲት ኪስ ሰፊ አንገቷን አስገባች። “ለካ ሰዓታችንንም ስድስት ሰዓት የጎተተው እሱ ነው!”

“እሱ ነው እንጂ!”

ሹፌሩ ሬዲዮውን ቀነሰ። ጓደኛዬ አፍንጫዋን በነጠላዋ ጫፍ ጠርጋ “ቀጥዪ” አለችኝ። እኔም ቀጠልኩ። ቲማቲሙ ተለቅሞ መንገዱ እስኪከፈት ድረስ፣ ከዚያም ፋብሪካው በር እስክንደርስ ዝም አላልኩም።

በሩ ላይ ዘበኛው ከጎጆው አንገቱን አወጣ፤ ግድግዳው ላይ የተሰቀለውን ሰዓት ዞር ብሎ አየ። “ለአንድ አሥር ጉዳይ ነው፤ ግቡ፣ ግቡ” አለ።

አሥር ጉዳይ! በእኛ ስልክ ከአንድ ሰዓት ሃያ አምስት ደቂቃ አልፏል። የግድግዳው ሰዓት ባትሪ አልቆ መቆሙ ነው። አርባ ሴቶች ትንፋሽ ሳናሰማ በሩን አልፈን፣ ማሽን ክፍሉ ደጃፍ ስንደርስ አንዷ “ዘገያይት!” ብላ ፈነዳች። ከዚያ ወዲያ ማን ይቻለን? እርስ በርስ ተደጋግፈን፣ ሆዳችንን ይዘን፣ ግማሾቻችን መሬት ላይ ተቀምጠን ሳቅን። ምስኪኑ ዘበኛ በእሱ የምንስቅ መስሎት ሱሪውን ጎንበስ ብሎ አየ።

ከዚያ ቀን በኋላ ሰርቪሱ ውስጥ ዝም ማለት ተከለከልኩ። ጠዋት ሃያ ደቂቃ፣ ማታ ሃያ ደቂቃ፣ ታሪኩን እቀጥላለሁ። ድንጋይ የምታጠና አንዲት ሴትዮ ፈጠርኩ። ሴትዮዋ ከዘገያይት ጊዜን የሚነዳ ማሽን ሠራች። እኔ ከስፌት መኪና በቀር የማውቀው ማሽን ስለሌለ የእሷም ስፌት መኪና ይመስላል። ፔዳሉን ሲረግጡት ወደ ነገ ይሄዳል። በስተቀኝ ያለችውን ወደኋላ መስፊያ እጀታ ሲጫኑ ደግሞ ወደ ትናንት ይመለሳል። ቦቢኑ ውስጥ በክር ፈንታ የዘገያይት ዱቄት ይገባል። አንድ ሕግ አወጣሁ፤ ለራስሽ የምታስረዝሚው ደቂቃ ከሌላ ሰው ላይ ይቆረጣል።

“ከማን?” ተባልኩ።

“ከመረጥሽው ሰው።”

ይህን ባልኩ ጊዜ ሰርቪሱ ገበያ ሆነ። አንዷ ከአከራይዋ ትቆርጣለች። አንዷ ከአማቷ። ወለል የሚጠርጉት እናት፣ የሁላችንም ታላቅ፣ “ከባለቤቴ እንቅልፍ ይቆረጥልኝ፤ ማንኮራፋቱም አብሮ ያጥራል” አሉ።

ስለ ሹፌሩም ልናገር። ከእኔ ስድስት ዓመት ይበልጣል። አርባ ሰው ጭኖ ብቻውን የሚሄድ የሚመስል ዝምተኛ ነበር። ሰላምታውም በአገጩ ነው። ታሪኩ ከጀመረ ወዲህ ግን መስታወቱ ውስጥ ዓይኑን አየው ጀመር። ሬዲዮውን ጨርሶ ተወው። አንድ ማታ ሴትዮዋ እጀታውን ተጭና፣ ማሽኑ ሲንቀጠቀጥ፣ ክፍሉ ውስጥ አቧራ ሲነሳ፣ የመውረጃችን ፌርማታ ደረሰና አቆምኩ። ማንም አልተነሳም።

“ስሚ እንጂ” አለ ሹፌሩ በመስታወቱ በኩል። ድምፁን ስንሰማ የመጀመሪያችን ነው። “ይቺን ሴትዮ እንደዚህ እየተንቀጠቀጠች ጥለሻት ልትወርጂ ነው?”

“ነገ አወጣታለሁ” አልኩት።

“ነገ እኮ እኔ ዕረፍት ነኝ።”

ምን እንደነካኝ አላውቅም፣ “እንግዲያው ከነገ ወዲያ ትወጣለች” አልኩ። ወዲያው ጆሮዬ ጋለ። መኪናው በእልልታ ተሞላ። በማግስቱ ተተኪው ሹፌር እየነዳ፣ ሠላሳ ዘጠኝ ሴቶች ቢለምኑኝም ቢቆጡኝም አንዲት ቃል አልተነፈስኩም። ጓደኛዬ ጎኔን በክርኗ እየወጋች “ሠላሳ ዘጠኛችን አንድ ላይ ተደምረን እሱን አናህልም አይደል?” አለችኝ።

በሦስተኛው ሳምንት ወሬው ከሰርቪሱ ወርዶ በእግሩ መሄድ ጀመረ። አንድ እሁድ ከገበያ ሽንኩርት ይዤ ባጃጅ ተሳፍሬ ስመለስ፣ ባለ ባጃጁ ዞር ብሎ “እህቴ፣ ዘገያይትን ሰምተሻል?” አለኝ።

ሽንኩርቱን አጥብቄ ያዝኩት። “አልሰማሁም።”

“እንዴት አልሰማሽም! የት ነው የምትኖሪው? ጊዜ የሚይዝ ድንጋይ ነው። መልካሳ እርሻ ምርምር ቦሎቄ ላይ ሞክረውት፣ ጠዋት የተዘራው ለምሳ ደርሷል።”

ቦሎቄ የሚል ነገር ከአፌ አልወጣም ነበር። “ጊዜን የሚያዘገይ ከሆነ ቦሎቄውስ መዘግየት አልነበረበትም?” አልኩት።

አደባባዩን እየዞረ አሰበ። “እሱማ ድንጋዩ ሲገለበጥ ነው” አለ። “በፊቱ ያዘገያል፤ በጀርባው ያስቸኩላል።”

እንዴት እንደቀናሁ! ሦስት ሳምንት ሙሉ ስፈትል ከርሜ ይቺን እንዴት ሳላስባት ቀረሁ? “እኔ ግን ውሸት ነው ሲሉ ሰምቻለሁ” አልኩት በብስጭት።

“ማን ነው ያለሽ?”

“የፈጠረችው ልጅ ራሷ ናት አሉ።”

“አየሽ” አለ እየሳቀ፣ “ሊደብቁት ሲፈልጉ እንደዚያ ያስወራሉ። አንቺ ምኑን ታውቂዋለሽ!”

ሰኞ ጠዋት ሰርቪሱ ውስጥ ድንጋዩን ገለበጥኩት። ሹፌሩ “አሃ!” ሲል ከኋላ ሁሉ ተሰማ።

ፋብሪካ ውስጥ ደግሞ ሌላ ጉድ መጣ። ማሽኖቻችንን የሚጠግን አንድ የውጭ አገር ቴክኒሻን ነበር፤ ተግባቢ ሰው ነው፣ አማርኛ የሚማረው ከእኛ አፍ ነው። ሴቶቹ ስፌት ሲጣመምባቸው ወደኋላ መስፊያዋን እጀታ ይጫኑና “ዘገያይት!” ይላሉ። ቀን ሙሉ፣ ከዚያም ከዚህም፣ “ዘገያይት! ዘገያይት!” እሱ የእጀታዋ ስም መሰለው። ምን ያድርግ?

አንድ ቀን ሱፐርቫይዘራችን ቢሮ አስጠራችኝ። ጥርሷን አይቻለሁ የሚል ሰው አልነበረም። ስገባ ጠረጴዛዋ ላይ አንድ የመለዋወጫ መጠየቂያ ወረቀት ዘርግታለች። ጣቷን አንድ መስመር ላይ አኑራ ወደ እኔ ገፋችው። በራሷ የእጅ ጽሑፍ “ዘገያይት፣ አራት ፍሬ” ይላል።

“ቴክኒሻኑ መጥቶ ‘ዘገያይት ኖ ጉድ፣ ዘገያይት ቼንጅ’ አለኝ” አለች። “ጻፍኩለት። ዛሬ አንዷን ልጅ ስጠይቃት ‘እሱን ኮሌታ የምትሰፋዋን ጠይቂያት’ አለችኝ። ምንድን ነው ዘገያይት?”

ከቲማቲሙ ጀምሬ ነገርኳት፤ የዘበኛውን ሰዓት ግን ዘለልኩት። እየነገርኳት ፊቷን በሁለት እጇ ሸፈነች። ትከሻዋ ተንቀጠቀጠ። ያስለቀስኳት መሰለኝና “ይቅርታ፣ እኔ እኮ...” ማለት ስጀምር ቀና አለች። ዓይኗ እንባ አዝሏል፤ አፏ ግን እስከ ጆሮዋ ተከፍቷል።

“የስቶር ኃላፊው እኮ” አለች፣ ትንፋሽ አጥሯት፣ “የስቶር ኃላፊው ‘አልቋል፣ በሚቀጥለው ሳምንት ይገባል’ ብሎኛል!”

ሁለታችንም ጠረጴዛው ላይ ተደፋን። ከዚያ በኋላ እዚያ ክፍል የእጀታዋ ስም ዘገያይት ሆኖ ቀረ። አዲስ ሠራተኛ ስትገባ ያንን ብለው ያስተምሯታል።

እስከዚህ ድረስ ጨዋታ ነበር። ከዚያ ዒድ ደረሰና ጓደኛዬ አቦምሳ ቤተሰቧ ጋ ሄደች። ስትመለስ ጫማዋን ሳታወልቅ ፍራሹ ላይ ተቀምጣ አንድ ፌስታል ሰጠችኝ። ከበድ ይላል። ስከፍተው ጡጫ የሚያህል ጥቁር ድንጋይ ነው፤ እንደ ጠርሙስ ያብረቀርቃል፣ ጠርዙ ይቆርጣል።

“አባቴ ነው የላከልሽ” አለች።

“ምንድን ነው?”

“ዘገያይት።”

ሳቅኩ። እሷ አልሳቀችም። በዒዱ ማዕድ ላይ ታሪኩን ለቤተሰቧ ማውራቷን ነገረችኝ። እኔ ስናገር እንደምትሰማው አድርጋ፣ ከልቧ ነው ያወራችው። አባቷ ሲሰሙ መብላት አቆሙ። “የት ነው የሚገኘው?” አሏት። እሷም እኔ እንደምለው “በእኛ አገር ሁሉ” አለች። በነጋታው አህያቸውን ይዘው ወጡ። በሦስት ቀን ከጓሯቸው ቁልል ሠሩ።

“ውሸት ነው አትያቸውም ነበር!”

“እንዴት ልበል? አባቴ እንደዚያ ደስ ብሎት አይቼው አላውቅም እኮ። ለምን እንደፈለገው ጠየቅኩት፣ አልነገረኝም። ‘የወሬዋን ባለቤት አምጪልኝ’ ብቻ ነው ያለኝ።” ከዚያ እጄን ያዘችው። “አንቺ ራስሽ ንገሪልኝ። በእናትሽ።”

በቀልድ ላይ የሰው ላብ ሲፈስበት ያኔ ነው ያየሁት። በማግስቱ ማታ ሰርቪሱ ውስጥ ታሪኩን ተውኩት። “ጉሮሮዬን አሞኛል” ብዬ ከጓደኛዬ ጋር የፊት ወንበር ላይ እንንሾካሾካለን። ከተማ ስንደርስ፣ ሌሎቹ ሲወርዱ፣ ሹፌሩ መሪውን እያየ “እሁድ አቦምሳ መሄጃ ጉዳይ አለኝ። የወንድሜን መኪና እይዛለሁ” አለ።

“የምን ጉዳይ?” አለች ጓደኛዬ።

ሞተሩን አጥፍቶ መልሶ አስነሳ። “አቦምሳ” አለ በመጨረሻ።

እሁድ ጠዋት ተነሳን። መልካሳን አለፍን፣ አዋሽን ተሻገርን፤ ሙቀቱ በመስኮት እንደ ምድጃ ይገባል። ያ ዝምተኛ ሰው የሰርቪሱን መሪ ሲለቅ ምላሱ ተፈታ። ያልጠየቀኝ ነገር የለም። ሴትዮዋ ባል አላት ወይ? ወደ ትናንት ስትመለስ የትናንቷን ራሷን ብታገኛትስ፣ ማን ነው ቀድሞ ሰላም የሚለው? “ደግሞ” አለ፣ “መኪና ወደኋላ ሲሄድ ድምፁ ሌላ ነው፤ ያለቅሳል። የአንቺ ማሽን ወደኋላ ሲሄድ ምንም አያሰማም። ትክክል አይደለም።” እውነቱን ነው። ሁለት ወር ሙሉ እንደዚያ አድርጎ ያዳመጠኝ ሰው አልነበረም።

የጓደኛዬ አባት ከግቢያቸው በር ላይ ቆመው ጠበቁን። ረጅም ናቸው፣ ጢማቸው ሙሉ ለሙሉ ነጭ። “አካም ጂርቱ፣ አካም ጂርቱ! ነጋ?” እያሉ በኦሮምኛ ደህንነታችንን እየጠየቁ ሦስታችንንም ጨበጡን፤ የእኔን እጅ ግን ሳይለቁ ወደ ጓሮ ወሰዱኝ። ከዛፉ ጥላ ሥር በዝናብ ሸራ የተሸፈነ ነገር አለ። ሸራውን ገለጡት። ዓይኔ በብልጭታው ተጋረደ። ድንጋዩን በመጠን በመጠኑ ደርድረውታል።

“ትንንሹን ለደቂቃ አደረግኩት” አሉ። “ትልልቁ ለዓመት ይሆናል ብዬ ነው። ተሳሳትኩ?”

“አባባ፣ ይቅር ይበሉኝ” አልኩ። “ይሄ ባልጩት ነው።”

“ባልጩትማ ባልጩት ነው” አሉ በትዕግሥት። “ልጅ ሆኜ ቆዳ ስፍቅበት ኖሬ ባልጩት ይጠፋኛል? ውስጡ ያለውን ነው የጠየቅኩሽ።”

“ውስጡ ምንም የለም። ዘገያይት የሚባል ነገር የለም። ከጭንቅላቴ ነው ያወጣሁት፤ ልጅዎ እንዳታለቅስ ብዬ።”

ኮፍያቸውን አውልቀው ከቁልሉ አጠገብ ተቀመጡ። ልጃቸውን አዩዋት፤ እሷ መሬት መሬት ታያለች። ሹፌሩ ዞሮ የማያውቀውን በሬ በትኩረት ይመለከታል። እኔ ግን ዝም ማለት አልቻልኩም። “አባባ፣ ለምን ፈልገውት ነው?” አልኳቸው።

ወደ ቤቱ ዞር ብለው አዩና ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። “አንድ ቀን ነው የምፈልገው። ሌላውን ሁሉ አላህ እንዳደረገው ይሁን። የሠርጌን ቀን ብቻ።”

ሠርጋቸው ክረምት ላይ ነበር። ከጓደኞቻቸው ጋር በፈረስ ሆነው ሙሽራዋን ሊያመጡ ሲሄዱ ወንዝ ሞልቶ ጠበቃቸው። ፈረሶቹ እምቢ አሉ። ውኃው እስኪጎድል ዳር ላይ አደሩ። ሙሽራው የደረሱት በማግስቱ እኩለ ቀን ላይ ነው። አማታቸው ተቆጥተው ልጅቷን ለሌላ ጠያቂ ሊሰጡ ነበር ተባለ፤ በስንት ልመና ኒካው ታሰረ።

“ይኸው ከአርባ ዓመት በላይ ሆነ” አሉ። “ጨው ረሳሁ፣ ‘ለሠርጉ የዘገየ ሰው ጨው አይረሳም?’ ትለኛለች። በሬ ልሽጥ ስል፣ ‘ለሠርጉ የዘገየ ሰው ስለ በሬ ምን ያውቃል?’ ትለኛለች። ሐጅ ሄጄ እንኳ ስመለስ በር ላይ ‘ዛሬስ በቀኑ መጣህ’ ብላ ነው የተቀበለችኝ። አንድ ቀን ቀድሜ ብነሳ፣ ወንዙ ሳይሞላ እሻገር ነበር። ይህን ብቻ ነው የምፈልገው።”

ሳቅ ጉሮሮዬ ድረስ መጥቶ ዋጥኩት። በዚህ መሃል ከቤቱ ጥግ አንድ ድምፅ ተሰማ። ባለቤታቸው የእርጎ ቅል ይዘው ቆመዋል፤ ከመቼ ጀምሮ እንደቆሙ አላህ ይወቅ። አጭር ናቸው፣ ፊታቸው ክብ፣ ዓይናቸው ተንኮለኛ።

“ድንጋይ የምትለቅመው ለዚህ ነው?” አሉ።

ሽማግሌው እንደ ተያዘ ሌባ ብድግ አሉ።

“ተቀመጥ፣ ተቀመጥ።” ቅሉን ለልጃቸው ሰጡና እጃቸውን በቀሚሳቸው ጠረጉ። “እንግዳ ፊት ልናገረው ነው እንግዲህ። ያን ቀን አባቴ ለሌላው ሊሰጠኝ የተነሳው ጠዋት ነበር። ሽማግሌዎቹ ተቀምጠው ነበር። አንተ የደረስከው እኩለ ቀን ላይ ነው። ከጠዋት እስከ እኩለ ቀን ለምን ያልተሰጠሁ ይመስልሃል?”

“አባትሽ አዘኑልኝ ብዬ...”

“አባቴ? ሊያዝንልህ?” ከት ብለው ሳቁ። “ታምሜ ነበር። ጨርቅ በፈላ ውኃ እየነከርኩ ግንባሬ ላይ አደረግኩት። አክስቴ ገብታ ስትነካኝ ‘ልጅቷ በትኩሳት ልትሞት ነው!’ ብላ ጮኸች። ማን ነው ታማሚ ሙሽራ የሚወስድ? ሰውዬው ፈራ፣ ሽማግሌዎቹም ተነሱ። የፈረሶችህን ኮቴ ስሰማ ጨርቁን ከአልጋው ሥር ወረወርኩት።”

ሽማግሌው አፋቸው ተከፍቶ ቀረ።

“ጠበቅሽኝ?” አሉ።

“ጠበቅኩህ።”

“ከአርባ ዓመት በላይ ስትሰድቢኝ... አንቺ ራስሽ ነሽ የጠበቅሽኝ?”

“ብነግርህማ በምን እረታህ ነበር?” አሉ ሴትዮዋ፣ በፍጹም እርጋታ።

መጀመሪያ የሳቁት ሽማግሌው ናቸው። ሳቃቸው ከሆዳቸው ሥር እየተንደረደረ መጥቶ ጢማቸውን አንቀጠቀጠው። ከዚያ ጓደኛዬ ያችን ጎረቤት ቀስቃሽ ሳቋን ለቀቀችው፤ እርጎው ፈሰሰ፤ በሬው ደንግጦ ገመዱን ጎተተ። ሹፌሩ ዛፉን አቅፎ ይስቃል። እኔ ቁልሉ ላይ ተቀመጥኩና ቀሚሴን በባልጩት ቀደድኩት። ሽማግሌው እንባቸውን እየጠረጉ “እስኪ ድገሚልኝ” አሉ። ደገሙላቸው። “ጨርቁ ምን ዓይነት ነበር?” አሉ። ነገሯቸው። ምሳ ላይ ሦስት ጊዜ አስደገሟቸው፤ ቡና ሲጠጡ አራተኛ። በየጊዜው ትኩሳቱ እየጨመረ ሄዶ፣ በመጨረሻው ሴትዮዋ ለጥቂት ነው የተረፉት።

ስንነሳ እኚያ እናት አንድ ጆንያ ማንጎ መኪናው ላይ አስጫኑልን። አባባ ራሴን በሁለት እጃቸው ይዘው መረቁኝና “ሌላ ነገር ስትፈጥሪ መጀመሪያ ወደ እኔ ላኪው” አሉኝ።

አመሻሹ ላይ አዋሽ አጠገብ ስንደርስ የማንጎው መዓዛ መኪናውን ሞልቶ ትዕግሥታችንን ጨረሰው። ከመንገድ ወጥተን ቆምን። ጓደኛዬ የኋላ ወንበር ላይ ተጋድማ ተኝታለች። እኔና ሹፌሩ ውኃው ዳር ቁጭ ብለን በጥርሳችን እየላጥን መብላት ጀመርን። ቢላ የለም፣ ሶፍት የለም፤ ጭማቂው በክርናችን ይወርዳል። አምስተኛው ይሁን ስድስተኛው ላይ እሱ መላጥ አቆመ።

“ለመሆኑ” አለ፣ ወንዙን እያየ፣ “የሚጠብቅሽ ሰው አለ?”

“የት?”

“የትም። በጠቅላላው።”

ልቤ እንደ ስፌት መኪና መታ። “የለም” አልኩ።

“እኔ ብጠብቅሽስ?”

ከአፉ ዙሪያ እስከ ጆሮው ቢጫ ሆኗል። የማንጎ ክር ጢሙ ላይ ተንጠልጥሏል። በሕይወቴ እንደዚያ የሚያምር ሰው አይቼ አላውቅም፤ ነገር ግን ሳቄ መጣና መልስ መስጠት አቃተኝ። እየሳቅኩ ራሴን ነቀነቅኩ፣ እሱ ግን መስማማቴ ይሁን ማላገጤ አልገባውም።

“እሺ በይው እንጂ፣ ሰውዬው ሞተ እኮ!” የሚል ቀጭን ድምፅ ከመኪናው መስኮት ወጣ።

“እሺ” አልኩ። “እሺ፣ እሺ!”

እጃችንን ልንታጠብ ወደ ውኃው ጎንበስ ስንል፣ ያው ድምፅ “አዞ!” ብሎ ጮኸ። አዞ ይሁን ግንድ ማን ቆሞ ያጣራል? በጭቃው ላይ እየተንሸራተትን፣ እየተጎታተትን፣ አንዴ እሱ ወድቆ አንዴ እኔ ወድቄ፣ መኪናው ውስጥ ገብተን በሩን ዘጋን። ሦስታችንም በመስኮቱ ወደ ወንዙ አፈጠጥን። ምንም የለም፤ ከእሱ አንድ ጫማ በቀር። ጫማው ጭቃው ውስጥ ተተክሎ ቀርቷል።

“ሂድና አምጣው” አለችው ጓደኛዬ።

“አልሄድም” አለ። “ዛሬ መሞት አልፈልግም።”

በአንድ ጫማና በአንድ ባዶ እግር እየነዳ አዳማ አስገባን።